«ካባ የለበሰ ኒውተን»፦ በድርሳነ ጊዜ ላይ የተነሣ ክርክር

አሸዋ ሰዓት፦ ፔንዱለም ትናንት የጻፉትን አንብቤ ዝም ማለት አልሆነልኝም። እኛ ደራሲዎቹ በምናብ በፈጠርነው በሰባቱ ፀሐዮች ዓለም ከተነሡት ሊቃውንት ሁሉ የላቀው ሊቅ ደከመበት ብለን በጋራ የደረስነውን ባለ ሦስት ቅጹን ድርሳነ ጊዜ «ካባ የለበሰ ኒውተን» በሚል አንድ ሐረግ ጠቅልለው ከዓለማችን ሕግጋት መዝገብ እንዲወጣ ሐሳብ አቅርበዋል። ሰባቱ ከተሞች በተለያዩ ፀሐዮች ዙሪያ ቢኖሩም አንድ «አሁን» ይጋራሉ የሚለው የሊቁ ትምህርት የታሪኮቻችን ሁሉ ምሰሶ ነው። ምሰሶውን የሚነቅል ሰው ጣራውን በምን ሊያቆመው እንዳሰበ አስቀድሞ ይንገረን።

ፔንዱለም፦ ያልኩትን አላጥፍም። እ.ኤ.አ. በ1687 ኒውተን ጊዜ ከምንም ነገር ጋር ሳይያያዝ በእኩልነት ይፈስሳል ብሎ ነበር፤ የድርሳኑ ሦስተኛ ቅጽም ቃላቱን አሳምሮ የሚለው ይህንኑ ነው። አይንስታይን በ1905 እንዳሳየው ግን፣ አንዱ ከሌላው አንጻር የሚንቀሳቀሱ ሁለት ተመልካቾች በተራራቁ ስፍራዎች የተፈጸሙ ሁለት ድርጊቶች በአንድ ጊዜ ሆነዋል ወይስ አልሆኑም በሚለው ላይ ላይስማሙ ይችላሉ፤ ከሁለቱም የተሳሳተ የለም። በ1971 በአውሮፕላን ምድርን የዞሩት የሲዚየም አቶሚክ ሰዓቶች መሬት ላይ ከቀሩት ጋር ሲነጻጸሩ፣ ወደ ምሥራቅ የበረሩት 59 ናኖሰከንድ (የሰከንድ ቢሊዮንኛ) ያህል ዘግይተው፣ ወደ ምዕራብ የበረሩት ደግሞ 273 ናኖሰከንድ ያህል ቀድመው ተገኝተዋል። ሊቁ ይህን ባያውቅ አይፈረድበትም፤ እኛ ደራሲዎቹ ግን እናውቃለን።

ጥላ፦ ካባው እንኳ የኒውተን አይደለም። አንደኛው ቅጽ ጊዜ የድርጊቶች ቅደም ተከተል እንጂ በራሱ የቆመ ነገር አይደለም ይላል፤ ይህ ፈላስፋው ላይብኒትስ በ1715 እና በ1716 ከኒውተን ደጋፊ ከክላርክ ጋር በተጻጻፋቸው ደብዳቤዎች ኒውተናውያንን የተቃወመበት ሐሳብ ነው። እንግዲህ ሊቃችን ኒውተንን የላይብኒትስ ካባ አልብሶ አደባባይ ያወጣ ሰው ነው፤ ሁለቱ ባለጋራዎች በአንድ ልብስ መታየታቸውን ቢሰሙ ምን እንደሚሉ ማሰብ ያስቃል።

ዘመን ቆጣሪ፦ ቀልዱ ይቆየንና ፔንዱለምን አንድ ነገር ልጠይቅ። የዩኒቨርስ ዕድሜ 13.8 ቢሊዮን ዓመት ያህል ነው ሲባል የተቆጠረው በማን ሰዓት ነው? የጠፈር ሊቃውንት ከቁስ አካል አማካይ ፍሰት ጋር አብሮ የሚሄድ ሰዓት ወስደው፣ በዚያ ሰዓት ዩኒቨርስን ለሁሉም በሚሆን አንድ «አሁን» ይከፍሉታል። ይህ በራሱ በአይንስታይን የ1915 የስበት ቲዎሪ ላይ የተመሠረተ ነው። ስለዚህ የሊቁ «አንድ አሁን» ከ1905 በኋላም የሚቆምበት መሬት አለው፤ ካባውን ገልጠው ሳያዩ የለባሹን ስም መጥራትዎ ችኮላ ነው።

ፔንዱለም፦ መልሱ እውነት ነው፤ ጉዳቱ ግን ለእርስዎው ነው። ያ የጋራ ሰዓት የሚገኘው ቁስ አካል በሰፊው ሲታይ በእኩል ተሰራጭቶ ሳይሽከረከር ሲሰፋ ነው። የድርሳኑ ሁለተኛ ቅጽ ደግሞ «ጠፈር ሁሉ ይዞራል» ብሎ ይጀምራል። በ1949 የሒሳብ አዋቂው ጎደል የአይንስታይንን እኩልታዎች ፈትቶ፣ ቁስ አካሉ በሙሉ የሚሽከረከርበት ዩኒቨርስ በአንድ የጋራ «አሁን» ሊከፈል እንደማይችል፣ ይልቁንም መንገደኛን ወደ ገዛ ትናንቱ የሚያደርስ ጎዳና እንዳለው አሳይቷል። ሁለተኛው ቅጽ ሦስተኛውን አፍርሶታል ማለት ነው።

አሸዋ ሰዓት፦ ያን ዓረፍተ ነገር የጻፍኩት እኔ ስለሆንኩ ምን ለማለት እንደሆነ እኔ ልናገር። «ይዞራል» እና «ይሽከረከራል» አንድ ቃል አይደሉም። ዓመት ዞሮ ይመጣል እንላለን፤ ዓመት ይሽከረከራል የሚል ሰው ሰምቼ አላውቅም። ዓረፍተ ነገሩ ስለ ወቅቶች መመላለስ እንጂ ስለ ጎደል እኩልታ አይናገርም።

ጥላ፦ የወቅቶች መመላለስ ከሆነ በዚያው ገጽ ላይ የተጻፈው «ዘንጉ በየትም የለም፣ በየትም አለ» ምንድን ነው? ወቅት ዘንግ ኖሮት አያውቅም። ደግሞ እስካሁን ሁላችሁም አህያውን ፈርታችሁ ዳውላውን እየደበደባችሁ ነው። ሊቁ ገጸ ባሕርይ ነው፤ ገጸ ባሕርይ ደግሞ ይሳሳታል። «ሊቁ ተሳስቷል» ብሎ መጻፍ የከበደን ሁለተኛውን ቅጽ የጻፈው ሰው አጠገባችን ስለተቀመጠ ብቻ ነው።

አሸዋ ሰዓት፦ አህያው እኔ መሆኔን ስለነገሩኝ አመሰግናለሁ።

ዘመን ቆጣሪ፦ ወደ ጉዳዩ እንመለስ። በሦስተኛው ቅጽ የሰባቱ ከተሞች ደወሎች በአንድ አፍታ ይደወላሉ። ሊቁ ይህን ያደረገው ደወሎቹን ስለሰማ አይደለም፤ የብርሃን ምልክት ከከተማ ወደ ከተማ ደርሶ የሚመለስበትን ጊዜ ለካ፣ ግማሹን ወሰደ፣ ከዚያም ደወሎቹ በዚያ ስሌት እንዲደወሉ አዘዘ። የሒሳብ አዋቂው ፖዋንካሬም እ.ኤ.አ. በ1898 የሁለት ሩቅ ድርጊቶች «በአንድ ጊዜ» መሆን በስምምነት የሚወሰን እንጂ በቀጥታ የሚታይ ነገር አለመሆኑን ጽፏል። ሊቁ ያዘዘው ስምምነት ነው፤ ፔንዱለም የፈረዱበት ግን እንደ ተፈጥሮ ሕግ አድርገው ነው። ኒውተን በዚህ ውስጥ የት አለ?

ፔንዱለም፦ በትእዛዙ ውስጥ ነው ያለው። «ሰባቱም በአንዱ አሁን ይኖራሉ» የሚል ሰው ስምምነት እያቀረበ አይደለም። ስምምነት ቢሆን ኖሮ ሰባተኛው ከተማ እምቢ የማለት መብት ይኖረው ነበር፤ ድርሳኑ ግን በተለየ ሰዓት ደወል የደወለውን ደዋይ «ከጊዜ የወጣ» ብሎ ያስፈርድበታል። ካባ ያልኩት ይህን ነው።

ጥላ፦ ደዋዩ የተፈረደበት ስለ ዘገየ ነው ወይስ ስለ ቀደመ? ቅጹን ሦስት ጊዜ አነበብኩት፤ አይናገርም።

አሸዋ ሰዓት፦ ይናገራል። በገጹ ኅዳግ ላይ ነው።

ጥላ፦ ኅዳጉን ዛሬ ጠዋት የጨመሩት እርስዎ ነዎት።