ሀኩሆ ዜግነቱን ሸጠ ወይስ ተቀማ?

የቂርቆስ ልጅ፦ ዛሬ ጠዋት አንዱ የስፖርት ጋዜጠኛ በሬዲዮ «ሀኩሆ ለአሰልጣኝነት ወንበር ብሎ ሞንጎሊያዊነቱን ሸጠ፣ ወንበሩም አልበረከተለት» ሲል ደሜ ፈላ። 45 ዋንጫ ያነሳ ዮኮዙና (በጃፓኑ የሱሞ ትግል ከፍተኛው ማዕረግ) እኮ ነው፤ በሱሞ ታሪክ የሚደርስበት የለም። ከትግል በኋላ ላሰልጥን ሲል ግን ያለ ጃፓን ዜግነት አይቻልም። በ2019 (በፈረንጆቹ) ቀየረ። ይሄ መሸጥ ነው?

ደረቅ ዳኛ፦ ማን አስገደደው? ሕጉን አውቆ ነው የገባው። የሃዋዩ ታጋይ ታካሚያማም በ1980 ቀይሯል፣ ያኔ ማንም አላለቀሰለትም።

ሚሚ ሳሪስ፦ «አውቆ ነው የገባው» በ15 ዓመቱ? 62 ኪሎ ብቻ ስለነበር የሚቀበለው ቤት (ታጋዮች አብረው የሚኖሩበትና የሚሰለጥኑበት) ጠፍቶ ወደ ሞንጎሊያ ሊመለስ ሲል ነው ሚያጊኖ ቤት የወሰደው። እንኳን የጡረታ ደንብ ቋንቋውንም አያውቅ!

ደረቅ ዳኛ፦ አባቱ በሜክሲኮ ኦሎምፒክ በትግል ብር ያመጣ ሰው ነው። ምንም እንደማያውቅ የገጠር ልጅ አታድርጊው።

አብዱ መርካቶ፦ ሜክሲኮ 1968! ማሞ ወልዴ ማራቶኑን የወሰደበት። ይቅርታ፣ ቀጥሉ።

የቂርቆስ ልጅ፦ ዳኛው፣ በአንድ ቤት አንድ የውጭ ሰው ብቻ የሚለው ገደብ የመጣው በ2002 ነው፣ ልጁ ከገባ በኋላ። በ2010 ደግሞ ዜግነት የቀየረውም እንደ ውጭ ሰው ይቆጠር ተባለ። ጃፓናዊ ሁን ይሉሃል፣ ስትሆን አልሆንክም ይሉሃል። የቱን ነው «አውቆ» የገባው?

ደረቅ ዳኛ፦ ከጥር 2006 በኋላ እስከ ጥር 2016 ጃፓን የተወለደ ሰው አንድ ዋንጫ አላነሳም። ባህላቸው ነው፣ ቢሳሱለት ምን ይገርማል?

አብዱ መርካቶ፦ ግብፃዊውን ኦሱናራሺን ረሳችሁት? ከአፍሪካ የመጀመሪያው። ሐምሌ ላይ፣ በናጎያ ሙቀት፣ ረመዳን እየጾመ ይታገል ነበር። ጓደኞቹ ከልምምድ በኋላ የቻንኮውን (የታጋዮቹን ወጥ) ድስት ከበው ሲበሉ እሱ መግሪብን ይጠብቃል።

ደረቅ ዳኛ፦ መጨረሻውስ? ሱሞ ታጋይ መኪና መንዳት ክልክል ሆኖ ሳለ ያለ መንጃ ፈቃድ ሲነዳ በ2018 ተሰናበተ። እሱም አውቆ።

አብዱ መርካቶ፦ ጥፋት ነው፣ አልካድኩም። አንተ ግን አንድ ዓረፍተ ነገር ይዘህ ዓለምን ትዳኛለህ።

ሚሚ ሳሪስ፦ ባለፈው ለባህሬን የሚሮጡትን ልጆቻችንንም «ሸጡ» ብሎ ነበር እኮ!

ደረቅ ዳኛ፦ አዎ ብያለሁ፣ አሁንም እላለሁ።

የቂርቆስ ልጅ፦ እሱን ሌላ ቀን፣ እባካችሁ።

ደረቅ ዳኛ፦ እሺ፣ ወደ ሀኩሆ። የሚያሰለጥነው ታጋይ ታናናሾቹን ሲደበድብ ስላላስቆመ ነው በ2024 ማዕረጉ ወርዶ ቤቱ የተዘጋው። ይሄም የዜግነት ጉዳይ ነው?

ሚሚ ሳሪስ፦ ቅጣት ይገባዋል። ግን ያን የሚያህል ሰው በሌላ አሰልጣኝ ቤት አስጠግተውት ከዓመት በላይ! በ2025 የሱሞ ማኅበሩን ጥሎ ባይወጣ ነበር የሚገርመኝ።

አብዱ መርካቶ፦ እናንተ ተጨቃጨቁ፣ ዩክሬናዊው አኦኒሺኪ በኅዳር 2025 ዋንጫውን ወስዷል። እሱስ ይቀይር?

ደረቅ ዳኛ፦ ማሰልጠን ከፈለገ ይቀይራላ።

ሚሚ ሳሪስ፦ ጦርነት ሸሽቶ የመጣውን ልጅ እንኳ አትምርም? አንተን የሱሞ ማኅበር ይቅጠርህ!

ደረቅ ዳኛ፦ ደሞዙ ስንት ነው?