ዕዳ አለብኝ፤ ግን በጉልበት ሊያስከፍሉኝ ይችላሉ? ፖሊስ «ፍትሐ ብሔር ነው» ብሎ መለሰኝ (ጎንደር)

ጥያቄ፦ ልብስ ሰፊዋ፣ አራዳ

ሰላም ለሁላችሁ። ዓምና ከአንድ የማውቃቸው ነጋዴ 150,000 ብር ተበደርኩ፤ በወር 5 ከመቶ ወለድ፣ በወረቀት ተፈራርመን። 70,000ውን በባንክ ከፍያለሁ። ሥራ ሲቀዘቅዝ ሁለት ወር አለፈኝ። ሐሙስ ማታ 4 ሰዓት ላይ የእህታቸው ልጅ ሁለት ጎረምሶች አስከትሎ መጣና በሩን በእግሩ እየመታ «እስከ ቅዳሜ ካልከፈልሽ እናሳይሻለን» አለኝ። ልጄን አልጋ ሥር ተደብቃ ነው ያገኘኋት። ቅዳሜ እውነትም መጥተው አንዱን የስፌት መኪናዬን፣ ያልጨረስኩት የተማሪ ዩኒፎርም መርፌው ሥር እንዳለ፣ በባጃጅ ጭነው ሄዱ። ጣቢያ ስሄድ ተረኛው «የብድር ጉዳይ ፍርድ ቤት ነው» አለኝ። ዕዳዬን አልካድኩም፣ እከፍላለሁ። ግን ኮሽ ባለ ቁጥር እየባነንኩ ነው የማድረው። ምን ላድርግ?

መልስ፦ ጠበቃ፣ ማራኪ

እህቴ፣ ብድሩንና ጉልበቱን ነጥለሽ አቅርቢ። ፖሊስ ዕዳ አያስከፍልም፣ ዕዳም አይሰርዝም፤ እዚህ ላይ ተረኛው ልክ ነው። ስለ በሩና ስለ መኪናው ግን ተሳስቷል። ማስፈራራት በወንጀል ሕጉ አንቀጽ 580 ያስጠይቃል፤ ማስገደድም፣ የሰው ንብረት በጉልበት መውሰድም እንዲሁ። ዕዳ ስላለበት የሰው በር ይሰበር የሚል ሕግ የለም።

ብዙ ሰው ጣቢያ ገብቶ «ገንዘብ ተበድሬ ነበር» ብሎ ስለሚጀምር ነው የሚመለሰው። አንቺ ከሐሙስ ማታ ጀምሪ፦ ሰዓቱን፣ እነማን እንደመጡ፣ ቃል በቃል ያሉሽን፣ የባጃጁን ታርጋ፣ ያዩ ጎረቤቶችን። ብድሩን አትደብቂ፤ መጨረሻ ላይ አንድ መስመር ይበቃዋል። ቃልሽ ሲጻፍ አስነብበሽ ፈርሚ፣ የመዝገብ ቁጥር ሳትይዢ አትውጪ። እንቢ ካሉሽ የጣቢያውን ኃላፊ አነጋግሪ፤ እሱም ካልሆነ አቤቱታሽን ለዐቃቤ ሕግ ስጪ። ደግሞ አትዘግዪ፤ በግል አቤቱታ ብቻ የሚያስከስሱ (ተበዳዩ ራሱ ካላመለከተ የማይከሰስባቸው) ወንጀሎች የ3 ወር ገደብ አላቸው።

ወለዱን በተመለከተ፣ የፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 2479 በዓመት ከ12 ከመቶ በላይ መዋዋልን ይከለክላል። ያንቺ በዓመት 60 ነው! የባንክ ደረሰኞችሽን በሙሉ ሰብስቢ። አንድ ነገር ልጠይቅሽ፦ ቼክ ፈርመሽ ሰጥተሻቸዋል? ስንቅ የሌለው ቼክ (ባንክ ውስጥ በቂ ገንዘብ ሳይኖር የሚሰጥ) ራሱን የቻለ ወንጀል ስለሆነ ነገሩን ይለውጠዋል።

መልስ፦ ባለሱቅ፣ ቅዳሜ ገበያ

እኔ ብሆን መጀመሪያ ሽማግሌ እልክ ነበር። ሰውየው የእህታቸው ልጅ ያደረገውን ላያውቁ ይችላሉ። እኔ ላይ ተመሳሳይ ነገር ሲደርስ የንስሐ አባታችን ገብተውበት በአንድ ቀን አለቀ። ክስ ከገባ ቂም ይተርፋል፣ ከተማችን ደግሞ ጠባብ ናት።

መልስ፦ ጠበቃ፣ ማራኪ

ወንድሜ፣ ለዕዳው ሽማግሌ እሰየው ነው። ግን ቃሏን ሳታስመዘግብ ሽማግሌ ብትጠብቅና ልጆቹ ነገ ማታ ቢመለሱ ማን ይደርስላታል? ታስመዝግብ፣ ከዚያ ሽማግሌ ትላክ። እህቴ፣ እርቁ ላይ ፈርተሽ አዲስ ወረቀት እንዳትፈርሚ፤ የከፈልሽው 70,000 ያልተጻፈበትን በፍጹም።

መልስ፦ የሕግ ተማሪ፣ ጎንደር

ተፈርዶብሽ ቢሆን እንኳ ዕቃ የሚያዘው በፍርድ ቤት ትእዛዝ ነው። በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 404 መሠረት የሙያ መሣሪያ ለዕዳ አይያዝም፤ የስፌት መኪናሽ ደግሞ እንጀራሽ ነው። ለጠበቃ የሚከፈል ከሌለሽ የጎንደር ዩኒቨርሲቲ የሕግ ትምህርት ቤት ለአቅመ ደካሞች ነፃ የሕግ ድጋፍ ይሰጣል፤ ወረቀቶችሽን ይዘሽ ሂጂ።

ጠያቂዋ፦

ሁላችሁንም እግዜር ይስጥልኝ። ቼክ አልሰጠሁም። ዛሬ ጠዋት ሁለት ጎረቤቶቼን ይዤ ሄጄ ከሐሙስ ማታ ጀምሬ ተናገርኩ፤ ተቀበሉኝ፣ ቁጥሩንም ይዣለሁ። ልጁ መጥሪያ ወጥቶበታል። መኪናው ገና አልተመለሰም። ለሰውየው እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ሽማግሌ ይገባል፤ ደረሰኞቹን በፌስታል አድርጌ አዘጋጅቻለሁ።