አዲስ ግብር ከመምጣቱ በፊት የድሮው ሒሳብ ይታይ ወይስ ከፍለን እንጠይቅ?

አራት ኪሎ ደሞዝተኛ፦
ሰላም ለሁላችሁ። በ2011 ገቢዎች ሚኒስቴር አገራዊ የታክስ ንቅናቄ ብሎ ሲጀምር መፈክሩ ምን እንደነበር ታስታውሳላችሁ? ግዴታዬን እወጣለሁ፣ መብቴን እጠይቃለሁ። ግዴታው ላይ እኔ ምንም የቀረብኝ ነገር የለም፣ ግብሬ ደሞዜ እጄ ሳይገባ ነው የሚቆረጠው። ከሐምሌ 2017 ጀምሮ በተሻሻለው አዋጅ 20ሺ ብር የሚከፈለው ሰው 4,950 ብር የስራ ግብር 1,400 ብር ጡረታ ይሄድና 13,650 ይደርሰዋል፣ በቀረችው ደግሞ እቃ ሲገዛ 15 ፐርሰንት ቫት አለ። የኔ ጥያቄ ሁለተኛው ግማሽ ላይ ነው። ፓርላማው ከቢሮዬ በእግር የሚደረስ ነው ግን የከፈልኩት ብር ምን ላይ ዋለ ብዬ የማንኳኳው በር የቱ እንደሆነ እስከዛሬ ያሳየኝ የለም። ስለዚህ አቋሜ ግልጽ ነው፣ አዲስ ግብር ከመጨመሩ በፊት የድሮው ሒሳብ ይታይ። የማይስማማ ካለ ይምጣ እንከራከር።

ሸራ ተራ፦
እህቴ አንቺ ቢያንስ የምትከፍይው ታውቂዋለሽ። እኛ ደረጃ ሐ፣ ማለትም በግምት የሚከፍል ትንሽ ነጋዴ፣ እያለን በ2009 የቀን ገቢ ግምት የሚባለው ሲመጣ ገማቾቹ ሱቅ ገብተው ትንሽ ቆመው አይተው ይወጣሉ ከዛ የቀን ገቢህ ይሄን ያህል ነው የሚል ወረቀት ይመጣል፣ እንዴት ደረሳችሁበት ስትል መልስ የለም ቅሬታ አስገባ ነው። በዛ ክረምት አምቦ ላይ ሱቅ ተዘግቶ ሰው ሲቃወም ሁላችሁም ሰምታችኋል፣ አዲስ አበባም ቤቱን ዘግቶ ፈቃድ የመለሰ ብዙ ነው። ህዳር 2017 ላይ መርካቶ ሱቅ የተዘጋውም በደረሰኝ ቁጥጥሩ ነው። ሰው ነጋዴው መክፈል ስለማይፈልግ ነው ይላል፣ እኔ የምላችሁ ግን እቃ የሚያከፋፍለኝ ሰው ያለደረሰኝ ይሰጠኛል፣ ደረሰኝ ካልክ እቃ የለም ይልሃል፣ እኔ ከላይ ያላገኘሁትን ደረሰኝ ከታች ቁረጥ እባላለሁ። ቁጥጥሩ ወደ ላይ አይወጣም፣ ሁሌም የሚያልቀው እኛ ጋ ነው።

አራት ኪሎ ደሞዝተኛ፦
እሱ እውነት ነው ግን አንድ ነገር ልበልህ ወንድሜ፣ እናንተ ሱቅ ስትዘጉ ቢያንስ ባለስልጣን መጥቶ ያወያያችኋል። ተቀጣሪ ምን ይዘጋል? 35 ፐርሰንቱ የሚጀምረው ከ10,900 ብር በላይ ነው ተብሎ በ2008 ወጣ፣ ከዛ እስከ 2017 ማንም አልነካውም፣ በመሃል የዋጋ ግሽበቱ ከ30 ፐርሰንት ያለፈባቸው አመታት ነበሩ። በ2008 10,900 የሚያገኝ ሰው ደህና ኑሮ ያለው ነበር፣ ቆይቶ ግን በዛ ብር ቤት ኪራይ ከፍሎ የሚተርፈው የለም፣ ሆኖም ከዛች ብር በላይ ያገኘ ሁሉ ከሀብታሙ እኩል 35 ተባለ። አዋጅ ሳይወጣ ማንም እጁን ሳያወጣ ነው ግብራችን የጨመረው። አሁንም 14ሺ ብለው ከፍ አርገውታል፣ ግን ኑሮው ሲጨምር አብሮ ይስተካከላል የሚል ነገር የለም፣ ስለዚህ እንደገና ያው ነው።

የቀድሞ ኦዲተር፦
ልጆቼ፣ ሁላችሁም የምትሉት ላይ እውነት አለ፣ ድምዳሜው ላይ ግን አልስማማም። ሒሳቡ መጀመሪያ ይታይ ስንል መንግስት እስኪያሳይ ይጠብቃል ማለት አይደለም፣ ሌላ ቦታ ሄዶ ያገኛል። የታክስ ገቢያችን ከአገር ውስጥ ምርቱ አንጻር ከአስር አመት በፊት 12 ፐርሰንት ገደማ ነበረ፣ ከዛ እየወረደ ከ10 በታች ገባ። የጎደለው በምን ተሞላ? በብድር፣ ከብሔራዊ ባንክም ጭምር፣ የሱን ወጪ ደግሞ በገበያ ላይ በዋጋ ንረት ከፈላችሁት። ሐምሌ 2016 ላይ ከአይኤምኤፍ፣ ከዓለም የገንዘብ ድርጅት፣ ጋር የ3.4 ቢሊዮን ዶላር የብድር ስምምነት ተደረገ፣ ገቢ አሳድጉ የሚለው ከዋና ዋናዎቹ ነጥቦች አንዱ ነው። ዋሽንግተን ያለው ይሄ ድርጅት በየጥቂት ወሩ ሒሳብ ይገመግማል፣ ለእነሱ ሰንጠረዥ ይቀርባል። ከዜጋው በቂ ያልሰበሰበ መንግስት መልስ የሚሰጠው ላበደረው ነው። ስለዚህ አንከፍልም ማለት ጠያቂነታችሁን ለሌላ አሳልፎ መስጠት ነው የሚሆነው።

በ1960 ጎጃም የእርሻ ገቢ ግብሩን አልከፍልም ብሎ ተነሳ፣ መሬት ሊለኩብን ነው ርስታችንን ሊነጥቁን ነው ብሎ፣ ጦር ሄደ፣ በመጨረሻ ግን አገረ ገዢው ተነሳ ግብሩም ተወ። ገበሬው አሸነፈ። ግን በዚያ ድል ምን አገኘ? በጀት ላይ አንድ ቃል የሚናገርበት ወንበር አላገኘም፣ እንደነበረ ቀረ። እምቢታ ብቻውን እስከዚያ ነው።

ስድስት ኪሎ ህግ፦
ጋሼ በጣም ነው የማከብርዎት ግን እርስዎ ራስዎ ኦዲተር ነበሩ እና አንድ ነገር ይመልሱልኝ። ህገ መንግስቱ አንቀጽ 12 የመንግስት አሰራር ግልጽ ይሁን ተጠያቂም ይሁን ይላል፣ አንቀጽ 101 ዋና ኦዲተሩ ሪፖርቱን ለምክር ቤቱ ያቀርባል ይላል፣ ያቀርባልም። በየአመቱ በቴሌቪዥን እንሰማለን፣ ማስረጃ ያልቀረበበት ወጪ፣ ያልተወራረደ ሒሳብ፣ ከመመሪያ ውጭ የተፈጸመ ግዢ፣ ብዙዎቹ ደግሞ ዩኒቨርሲቲዎች ናቸው። በሚቀጥለው አመት ያው መስሪያ ቤት በያው ግኝት ይመጣል። ታዲያ ከፍለን ብንጠይቅ ምን ይለወጣል፣ የከፈልነው እኮ ተጠይቋል፣ መልሱ ነው የሌለው።

የአዲስ አበባ ደግሞ የባሰ ነው። ምክር ቤቱ የስራ ዘመኑ 2010 ላይ አልቆ እስከ 2013 ምርጫ በማራዘሚያ ቆየ። 2015 ላይ በቤት ላይ የሚከፈለውን የጣራና ግድግዳ ግብር ከፍ ያደረጉት ደርግ በ1968 ያወጣውን አዋጅ ይዘው ነው፣ እናት ፓርቲ ፍርድ ቤት ወስዶት ነበር። የንብረት ታክስ አዋጁ ከፓርላማ የወጣው ጥር 2017 ነው። ቅደም ተከተሉን እዩት፣ ሰው መጀመሪያ ከፈለ ከዛ አዲሱ ህግ ተከተለ።

የቀድሞ ኦዲተር፦
ጥያቄህ ተገቢ ነው ልጄ። ኦዲተር ይመረምራል ይጽፋል እንጂ አይከስም አያባርርም፣ ከዚያ በኋላ ያለው የምክር ቤቱና የአቃቤ ህግ ስራ ነው፣ እሱ ነው የላላው።

ኮሪደሩ ላይ፦
ሁላችሁም ብሩ የት ገባ ትላላችሁ፣ ከፒያሳ እስከ አራት ኪሎ በእግራችሁ ሂዱ፣ በኮሪደር ልማቱ የተሰራው መንገዱ የእግረኛው መብራቱ የአድዋ መታሰቢያው፣ የት እንደገባ ይታያል። የህዳሴ ግድብንስ እዩ፣ መጋቢት 24፣ 2003 ተጀምሮ ጳጉሜ 4፣ 2017 ተመረቀ፣ ውጭ ባያበድረን በራሳችን ሰራነው፣ ሰው ቦንድ ሲገዛ መጀመሪያ ሒሳብ አሳዩኝ አላለም። ቢል ኖሮ ዛሬ ግድብ የለም። ድሃ አገር በክርክር አይገነባም።

አራት ኪሎ ደሞዝተኛ፦
ግድቡን ስላነሳህልኝ ደስ ብሎኛል ምክንያቱም ለኔ ዋናው ማስረጃዬ እሱ ነው። እኔም የወር ደሞዜን ሰጥቻለሁ፣ በደስታ ነው የሰጠሁት፣ አሁንም አይቆጨኝም። ግን ሜቴክ፣ በመከላከያ ስር የነበረው የብረታ ብረትና ኢንጂነሪንግ ድርጅት፣ በግድቡ ላይ የያዘውን ስራ እንዳጓተተው መቼ ሰማን? ነሐሴ 2010 ጠቅላይ ሚኒስትሩ ሲናገሩ። ከሰባት አመት በላይ ቦንድ የገዛው ህዝብ ሁሉም በእቅዱ መሰረት እየሄደ ነው ሲባል ነበር የሚሰማው። በየአመቱ አንድ ሰው እንኳን ያ ተርባይን ምን ደረሰ ብሎ የመጠየቅ መብት ቢኖረው ግድቡ ከዛ በፊት አያልቅም ነበር? መጠየቁ ግድቡን አያስቀረውም ያፈጥነዋል እንጂ። ኮሪደሩም ያው ነው፣ መብራቱ ይታየኛል፣ አንዱ ምሶሶ ስንት እንደተገዛና ማን እንደሸጠው ግን አይታየኝም። ማየትና ሒሳብ መቀበል ለየቅል ናቸው።

ስድስት ኪሎ ህግ፦
ኬንያን እዩ። ሰኔ 18፣ 2016 ወጣቱ ፓርላማ ገባ፣ የሞቱት ልጆች ብዙ ናቸው እና ይሄን በደስታ አላነሳውም፣ በማግስቱ ፕሬዝዳንቱ ሩቶ ግብር የሚጨምረውን የፋይናንስ ህግ አልፈርምም አሉ። እኔን የገረመኝ ግን ከዛ በፊት የሆነው ነው። ረቂቁ ከነዝርዝሩ አስቀድሞ ወጥቶ ነበር፣ ልጆቹ ዳቦ ላይ ምን ሊጨመር እንደሆነ እያወጡ በየቋንቋቸው እየተረጎሙ ያሰራጩት ነበር። እኛ ጋ አዋጅ ብዙ ጊዜ የምናውቀው ሲጸድቅ ወይም ደሞዝ ሲቆረጥ ነው።

የቀድሞ ኦዲተር፦
ጋና ከዚያ የተሻለ ምሳሌ ነው። በፈረንጅ 1995 ቫት በ17.5 ፐርሰንት አምጥተው ህዝብ አደባባይ ወጣ፣ ሰው ሞተ፣ ተሰረዘ። በ1998 በ10 ፐርሰንት መለሱት። በ2000 ሁለት ነጥብ አምስት ሲጨምሩ ግን ይሄ ለትምህርት ፈንድ ነው ብለው በህግ ለይተው አስቀመጡት፣ በኋላም ለጤና መድን ሌላ ጨመሩ። የተለየው ገንዘብ ሁሉ በትክክል ዋለ ማለቴ አይደለም፣ እዚያም ፈንዱ ዘገየ የሚል ሙግት አለ፣ ግን ሙግቱ እኮ የመጣው ሰው ገንዘቡ ለምን እንደሆነ ስላወቀ ነው። እዚህም ቢሆን በኛ አቆጣጠር ከ1998 በኋላ በመሰረታዊ አገልግሎቶች ጥበቃ ፕሮግራም ጊዜ የወረዳ በጀት በሰሌዳ ይለጠፍ ነበር፣ ለትምህርት ይሄን ያህል ለጤና ይሄን ያህል ተብሎ። ለጋሾች ስለጠየቁ ነው የተለጠፈው፣ ግብር ከፋዩ ስለጠየቀ አልነበረም። እኔን የሚያሳዝነኝ እሱ ነው።

ኮሪደሩ ላይ፦
ይለጠፍ እኔም አልቃወምም፣ ግን ተለጥፎ ማን ያነበዋል? ሰው የሚፈልገው ውሃ መጣ አልመጣም ነው።

ሸራ ተራ፦
እኔ አነበዋለሁ። የከተማው የ2018 በጀት 350 ቢሊዮን ብር ገደማ ነው፣ አብዛኛው ደግሞ ከከተማው ከራሱ ገቢ ማለትም ከኛ ነው። ግን በጀት ብቻ ከለጠፋችሁ አይጠቅመኝም፣ ለመንገድ ይሄን ያህል ተብሎ ያልቃል። ጨረታውን ማን አሸነፈ፣ በስንት ብር፣ መቼ ያስረክባል የሚለው ከስሩ ይጻፍ። እኔ የገዛሁበትንና የሸጥኩበትን ዋጋ በየቀኑ በማሽን እንድመዘግብ ከተገደድኩ ወረዳውም የገዛበትን ዋጋ ሰሌዳ ላይ ይጻፍ፣ ይሄን ካደረጉ ግምታቸው ላይ እንኳን የማቀርበውን ቅሬታ ትቼ እከፍላለሁ።

አራት ኪሎ ደሞዝተኛ፦
ቅሬታህን አትተው ወንድሜ፣ እሱም ይቅረብ። ጋሼ የሰሌዳውን ነገር በደንብ ያውቁታልና ወረዳው ላይ ምን ምን ተጽፎ ይለጠፍ ብለን በጽሁፍ እንደምንጠይቅ ይርዱን፣ ስድስት ኪሎ አንተ ደግሞ የመረጃ ነጻነት አዋጁ ላይ ስንት ቀን ውስጥ እንደሚመልሱ አይተህ ንገረን፣ የአራዳ ክፍለ ከተማውን ማመልከቻ እኔ እወስደዋለሁ።