ቦሩ ሜዳ ላይ የሆነው እርቅ ነው ወይስ አዋጅ?

የሆጤ ልጅ፦
ትናንት ማታ በሬዲዮ አንድ እንግዳ ደሴ አጠገብ ቦሩ ሜዳ ላይ ስለተደረገው ጉባኤ ሲያወሩ ሰማሁ። «በ1870 ሁሉም በፍቅር ተስማምቶ የተለያየበት የእርቅ ሜዳ ነው» አሉ። ደሜ ፈላ። አፄ ዮሐንስ «ክርስቶስ ሦስት ልደት አለው» የሚለውን የካህናት ትምህርት አስወግዘው የወሎን ሙስሊም ተጠመቅ ያሉበት ጉባኤ ነው እኮ! ፍቅሩ የቱ ጋ ነው?

ሰኞ ገበያ፦
ወንድሜ፣ ረጋ በል። ዘመነ መሳፍንት ካለፈ ገና ሃያ ምናምን ዓመቱ ነበር። ካህናቱ በልደት ጉዳይ ሲወጋገዙ ስንት ትውልድ አለቀ። ንጉሡ ያንን ክርክር ዘጉት። ምኒልክም እዚያው ነበሩ። ይሄ እርቅ ካልተባለ ምን ይባላል?

የሆጤ ልጅ፦
የዮሐንስና የምኒልክ እርቅ ሸዋ ውስጥ ልቼ ላይ ነው የሆነው። መጋቢት ላይ፣ ከቦሩ ሜዳ በፊት። ቦሩ ሜዳ ላይ የወጣው አዋጅ ነው። ለሙስሊሙ ሦስት ዓመት ተሰጠው። ቀነ ገደብ ያለው ነገር «በፍቅር» አይባልም።

የቧንቧ ውሃ ልጅ፦
እኔ የቤታችንን ልናገር። ከቅድመ አያቶቼ አንዱ ወንድም ተጠመቀ። ሌላው እምቢ ብሎ ቆላ ወረደ። የሁለቱም ዘር እስከ ዛሬ ለሰርግ ይጠራራል። ለክርስቲያኑ ለብቻ ይታረዳል፣ ለሙስሊሙ ለብቻ። ድስቱም ለየብቻ ነው፣ ጭፈራው ግን አንድ ላይ። ይሄን ያቆዩት ቤተሰቦቻችን ናቸው። ለአዋጁ አትስጡብን።

ሰኞ ገበያ፦
እሺ፣ የወሎው ገዥ ኢማም መሐመድ አሊስ? ተጠምቀው ራስ ሚካኤል ሆኑ። ክርስትና አባታቸው ራሳቸው ዮሐንስ ናቸው። አድዋ ላይ የወሎን ፈረሰኛ መርተው ተዋጉ፣ በ1906 ንጉሥ ሆኑ። ደሴንም ከተማ ያደረጓት እሳቸው ናቸው። ተገዶ የገባ ሰው እንዲህ ይሆናል?

አይጠየፍ፦
ደሴን እንኳ ተወው። ሚካኤል ሳይሰፍሩባት ዮሐንስ ሰፍረውባታል።

ሰኞ ገበያ፦
ድንኳን መትከልና ከተማ ማቅናት አንድ ነው? አይጠየፍ አዳራሽን ማን አሠራው? ስምህ ላይ ለጥፈኸው ባለቤቱን ትክዳለህ?

የሆጤ ልጅ፦
ወደ ጉዳዩ ተመለሱ። ሚካኤል ባይጠመቁ ግዛታቸው ያልቅላቸው ነበር። የመኳንንት ጥምቀት የገበሬውን ልብ አያሳይም። «በፍቅር» ከሆነ የወሎው የእስልምና መምህር ሼህ ጦልሃ ለምን አመፁ? ስንቱስ ተከተላቸው? ይሄን መልስልኝ።

የቦሩ ሰው፦
ደሴ ቁጭ ብላችሁ በእኛ ሜዳ ትጣላላችሁ። ሰው ቦሩ ሜዳ ሲባል የሚያስበው ሆስፒታሉን ነው። ልጆቼን ስለ ጉባኤው ብጠይቃቸው ሰምተውም አያውቁም። በየቀኑ ከብት የሚያግዱት እዚያው ሜዳ ላይ ነው። ቅር የሚለኝ ይሄ ነው። እርቅም በሉት አዋጅ፣ መጀመሪያ እዚህ መሆኑን አስተምሩልን።

የሆጤ ልጅ፦
ጋሼ፣ እስማማለሁ። ግን ልጆቹ ሲማሩ ግማሹን ብቻ እንዳይሰሙ ነው የምጮኸው። ሦስቱ ዓመት ካልተነገረ ያ ታሪክ አይደለም።

ሰኞ ገበያ፦
ሦስቱ ዓመት ይነገር፣ ማን ከለከለ? የአገሩም አንድነት አብሮ ይነገር። አንተ ግን ጉባኤውን በሙሉ ጅራፍ አደረግኸው።

የሆጤ ልጅ፦
ጅራፍ የሚል ቃል ከአፌ አልወጣም። ወደ ላይ ውጣና አንብብ። የሼህ ጦልሃን ጥያቄ ደግሞ እስካሁን አልመለስክም።