የሰርቢያን ዘውድ የሚያርቁት ዘውዳውያኑ ራሳቸው ናቸው?

አወያይ፦ የዛሬው መከራከሪያችን ከባልካን ነው። ሰርቢያ ውስጥ «ንጉሣዊው ሥርዓት ይመለስ» የሚሉ ፓርቲዎች ከ1990 ጀምሮ አሉ (ዓመቶቹ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። አልጋ ወራሹ አሌክሳንዳር ካራጆርጄቪች ከ2001 ጀምሮ ቤልግሬድ፣ ዴዲንዬ በሚገኘው ቤተ መንግሥት ይኖራሉ። የአገሪቱ አርማ ዘውድ አለበት፣ ብሔራዊ መዝሙሩም ከንጉሦቹ ዘመን የመጣ ነው። አገሪቱ ግን ሪፐብሊክ ናት፤ ዘውዳውያኑም በምርጫ የሚያገኙት ድምፅ ጥቂት ነው። ጥያቄው፦ እነዚህ ፓርቲዎች ለዘውዱ መመለስ ይጠቅማሉ ወይስ ያደናቅፋሉ? ስድብ የጻፈ ሰው አስተያየቱ ይነሣል።

ሰናይት፦ ያደናቅፋሉ። ንጉሥ የሚፈለገው ከፓርቲ ሽኩቻ በላይ የሚቆም ሰው እንዲኖር ነው፤ የሰርቢያ ዘውዳውያን ግን ንጉሡ ገና ሳይነግሥ የሽኩቻው አካል አድርገውታል። ፖክስ የሚባለውን ፓርቲ ተመልከቱ። ዢካ ጎይኮቪች በ2017 ከቩክ ድራሽኮቪች «የሰርቢያ ተሐድሶ ንቅናቄ» ተነጥለው ያቋቋሙት፣ የንጉሣዊውን መንግሥት መመለስ በስሙ ላይ ያተመ ፓርቲ ነው። በ2020 ምርጫ ዋነኞቹ ተቃዋሚዎች «አንሳተፍም» ብለው ሜዳውን ለቅቀው ነበር፤ ምክር ቤት ለመግባት የሚያስፈልገው ድምፅም ከ5 ወደ 3 በመቶ ዝቅ ብሎ ነበር። ከዚያ የተመቸ ጊዜ ከየት ይመጣል? ፖክስ ግን 3 በመቶውን መሙላት አቅቶት በር ላይ ቀረ። ብዙም ሳይቆይ ለሁለት ተሰነጠቀ፤ ጎይኮቪች በአንድ ወገን፣ ቮይስላቭ ሚሃይሎቪች በሌላ ወገን ሆነው «ትክክለኛው ፓርቲ የእኔ ነው» ሲባባሉ ከረሙ። በሊቀ መንበር መስማማት ያልቻሉ ሰዎች ሕዝቡን በንጉሥ ላይ እናስማማለን ይላሉ።

ጋሽ ታደለ፦ ሰናይት ልጄ፣ ታሪኩን ከ2017 መጀመርሽ ነው ያሳሳተሽ። ወደ 1990 ተመለሺ። ያኔ ስሎቦዳን ሚሎሼቪች አገሩን ጨብጠው ይዘዋል፤ የንጉሥ ስም በአደባባይ ከተነሣ ከአርባ ዓመት በላይ ሆኖታል። ድራሽኮቪች ያን ጊዜ ነው ስለ ንጉሡ መመለስ የተናገሩት። ለፕሬዚዳንትነት ተወዳድረው ሁለተኛ ወጡ፣ 16 በመቶ ገደማ አገኙ። መጋቢት 9 ቀን 1991 ቤልግሬድ ላይ የጠሩትን ሰልፍ መንግሥት ታንክ አውጥቶ ነው ያቆመው። በ1993 ከባለቤታቸው ጋር ታስረው ተደበደቡ። በ1999 በኢባር አውራ ጎዳና ላይ የጭነት መኪና መኪኖቻቸውን ገጭቶ አራት አጃቢዎቻቸውና ባልደረቦቻቸው ሞቱ፤ የመንግሥት የስለላ ሰዎች ያቀነባበሩት ግድያ እንደነበረ በኋላ ፍርድ ቤት አረጋገጠ። እነዚያ ሰዎች «ፓርቲ ማቋቋም ለንጉሥ አይመጥንም» ብለው ቤታቸው ቢቀመጡ ኖሮ ዛሬ ስለ ሰርቢያ ዘውድ የሚከራከር ሰው ባልኖረ ነበር።

ሰናይት፦ የድራሽኮቪችን ድፍረት አልነካሁም፣ ጋሽ ታደለ። ጥያቄው ለዘውዱ ምን አስገኙ ነው። የንጉሣዊው ቤተሰብ ዜግነትና ንብረት በ1947 የተነጠቀበት ድንጋጌ የተሻረው በ2001፣ ሚሎሼቪች ከወደቁ በኋላ በመጣው ጥምረት ነው። የጥምረቱ መሪዎች አብዛኞቹ ሪፐብሊካውያን ነበሩ፣ የድራሽኮቪች ፓርቲም በዚያ ጥምረት ውስጥ አልነበረም። የመጨረሻው ንጉሥ ዳግማዊ ፔታር በ1970 አሜሪካ ሞተው ኢሊኖይ ውስጥ በሊበርቲቪል ገዳም ተቀብረው ነበር፤ አጽማቸው በ2013 መጥቶ በቤተሰቡ መቃብር ስፍራ ኦፕሌናች በክብር ሲያርፍ የሸኘው ሪፐብሊኩ ነው። ዘውዱ ያገኘውን ሁሉ ከሌሎች እጅ ነው ያገኘው።

ጋሽ ታደለ፦ አርማውንና መዝሙሩን ዘለልሻቸው! ሁለቱም የተመለሱት በ2004 ነው። በዚያ ዓመት በተመሠረተው የጠቅላይ ሚኒስትር ኮሽቱኒትሳ መንግሥት ውስጥ የድራሽኮቪች ፓርቲ ተጣማሪ ነበር፣ እርሳቸውም የውጭ ጉዳይ ሚኒስትር ነበሩ።

ዮናስ ከቪየና፦ መዝሙሩ ተመለሰ ማለት ንጉሡ ተመለሱ ማለት አይደለም። ግጥሙ እኮ ተነካክቷል፤ እግዚአብሔር የሰርቢያን ንጉሥ እንዲጠብቅ ይለምን በነበረበት ቦታ አሁን የሰርቢያን ምድር እንዲጠብቅ ይለምናል። ንጉሡን አውጥተው ዜማውን አስቀሩት። ሰርቦች ከዘውዱ የሚፈልጉት ምን ያህሉን እንደሆነ ለማወቅ ከዚህ የተሻለ ማስረጃ የለም።

እዚህ ቪየና የሰርቢያ ሰው ብዙ ነው። አብሮኝ የሚሠራ አንድ ሰው አለ፤ በቤቱ ግድግዳ የቀዳማዊ ፔታር ሥዕል ተሰቅሏል፣ በምርጫ ግን ዘውዳውያንን መርጦ አያውቅም። ለምን ስለው «ንጉሥ እወዳለሁ፤ ንጉሡን የሚያመጡልኝን ሰዎች ግን አላምናቸውም» አለኝ። የአልጋ ወራሹ ሰርቢያኛም ያሳፍረዋል። ሰውየው የተወለዱት በ1945 ለንደን፣ ክላሪጅስ ሆቴል ውስጥ ነው፤ ያደጉትም በውጭ አገር ነው። ቋንቋው ቢሰበርባቸው አልፈርድም። መራጩ ግን ይፈርዳል።

ሐያት፦ ሁላችሁም «ሰርቦች» እያላችሁ ነው። ሰርቢያ ውስጥ የሚኖሩት ሰርቦች ብቻ ናቸው እንዴ? በሳንጃክ ሙስሊም ቦስኒያኮች አሉ፣ በቮይቮዲና ሃንጋሪዎች፣ በፕሬሼቮ አልባኒያውያን። አሁን ፖክስን የሚመሩት ቮይስላቭ ሚሃይሎቪች የድራዣ ሚሃይሎቪች የልጅ ልጅ ናቸው። ድራዣ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት የንጉሡ ጦር አዛዥ፣ ቼትኒኮች የሚባሉት ለንጉሡ የቆሙ የሰርብ ተዋጊዎች መሪ ነበሩ። በ1946 በዩጎዝላቪያው ኮሚኒስት መሪ በቲቶ መንግሥት ተፈርዶባቸው ተረሸኑ፣ በ2015 የቤልግሬድ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ፍርዱን ሻረው። ለአንዳንዱ ሰርብ ይህ የክብር ታሪክ ነው። በሳንጃክና በምሥራቅ ቦስኒያ ግን ቼትኒኮች በ1943 መንደሮችን አቃጥለው ሙስሊሞችን ጨፍጭፈዋል። እዚያ ያደገች ሴት «ንጉሡ የሁላችንም አባት ይሆናል» ሲሏት ከጎኑ የቆመውን አርማ ታያለች። ለእኔ የፓርቲዎቹ ትልቁ ጥፋት ድምፅ ማጣታቸው አይደለም። ዘውዱን ከአንድ ወገን የጦርነት ትዝታ ጋር ሰፍተው አንድ ማድረጋቸው ነው።

ጋሽ ታደለ፦ ሐያት የተናገረችው ከባድ ነው፤ ጭፍጨፋው የተመዘገበ ነው፣ የሚያስተባብል ሰው ካለ እኔ ከእርሱ ጋር አይደለሁም። ግን ዘውዱና ቼትኒኮቹ አንድ አይደሉም። ንጉሥ ፔታር ራሳቸው በ1944 መስከረም ከለንደን በሬዲዮ ተናግረው ሕዝቡ ከቲቶ ጦር ጋር እንዲሰለፍ ጥሪ አድርገዋል። ቼትኒኮቹ ያን ቀን ነው የተካዱት።

ሐያት፦ ታዲያ ይህን ለእኔ ከሚነግሩኝ ለፖክስ ቢነግሩት ይሻል ነበር።

ብሩክ፦ ከርእሱ ትንሽ ልውጣ። ያንን ዘውድ ያፈረሱት ቲቶ የእኛው ንጉሠ ነገሥት የቅርብ ወዳጅ ነበሩ። ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ በ1954 ዩጎዝላቪያን ጎበኙ፣ ቲቶ በ1955 መጨረሻ አዲስ አበባ መጡ፤ ካዛንቺስ አካባቢ በስማቸው የሚጠራ መንገድ አለ። የገዛ አገሩን ንጉሥ አባርሮ የሌላውን አገር ንጉሥ ማቀፍ ምን የሚሉት ፖለቲካ ነው? ዘውድ የወደቀው በእነርሱም በእኛም ሕዝብ ሳይጠየቅ ነው።

አወያይ፦ ብሩክ፣ የእኛው ዘውድ ራሱን የቻለ ክርክር ይፈልጋል፤ አንድ ቀን እናነሣዋለን። ሕዝብ ተጠይቋል አልተጠየቀም የሚለው ግን ለሰርቢያም ስለሚሠራ ቀጥሉበት።

ጋሽ ታደለ፦ አልተጠየቀም። ኅዳር 11 ቀን 1945 የተደረገው የመሥራች ጉባኤ ምርጫ ነው። ለውድድር የቀረበው የቲቶ ሕዝባዊ ግንባር ብቻ ነበር፤ ተቃዋሚዎቹ ጫናው በዝቶባቸው ወጥተዋል። ግንባሩን የማይፈልግ ሰው ድምፁን የሚጥልበት ባለቤት የሌለው ሳጥን ተቀመጠለት፤ ሕዝቡ «ዕውሩ ሳጥን» ይለው ነበር። ግንባሩ 90 በመቶ ገደማ አገኘ፣ ጉባኤው ኅዳር 29 ተሰብስቦ ዘውዱን ሻረ። ግሪኮች በ1974 ተጠይቀው 69 በመቶው ሪፐብሊክ አሉ፤ ጉዳዩ ተዘጋ። አልባኒያውያን በ1997 ተጠየቁ፣ ለንጉሡ እንቢ አሉ። ሰርቦች ግን አንድም ጊዜ አልተጠየቁም። የሰርቢያ ኦርቶዶክስ ቤተ ክርስቲያን ፓትርያርክ ፓቭሌ በ2003 ሕገ መንግሥታዊውን ንጉሣዊ ሥርዓት የደገፉትም ዘውዱ የተነሣበት መንገድ ትክክል ስላልነበረ ነው። የፓርቲዎቹ ጥቅም እዚህ ላይ ነው፤ ጥያቄው እንዳይረሳ ያደርጋሉ። ደግሞም ድምፅ የላቸውም አትበሉ። በ2022 ሚሃይሎቪች ከኮሽቱኒትሳ የቀድሞ ፓርቲ ጋር ናዳ በሚባል ጥምረት 15 ወንበር አግኝተዋል፤ የጎይኮቪች ክንፍም ድቬሪ ከተባለው ፓርቲ ጋር 10 ወንበር አግኝቷል። በ2023 ደግሞ ናዳ ብቻውን 13 ይዟል።

ዮናስ ከቪየና፦ ጋሽ ታደለ፣ እነዚያን ወንበሮች ያመጣው ከሰርቢያ ተነጥላ ነፃነቷን ያወጀችው የኮሶቮ ጉዳይ ነው፣ ዘውዱ አይደለም። ናዳን የመረጠ ሰው ኮሶቮ እንዳትሰጥ፣ ኔቶ እንዳይገባ ብሎ ነው የመረጠው። ድራሽኮቪች በበኩላቸው ከምዕራቡ ጋር እንሁን፣ የኮሶቮን እውነታ እንቀበል ይላሉ። ሁለቱም ለአንድ ንጉሥ የቆሙ ናቸው። ንጉሡ ቢመጡ የየትኛውን ቡድን ሐሳብ ይዘው ይነግሣሉ?

ዋናው ነገሬ ግን ሌላ ነው። ዘውዳውያኑ «ፕሬዚዳንቱ ሁሉን ጠቅልሏል፣ ንጉሥ ቢኖር ይህ አይሆንም» ይላሉ። ሰርቢያ ውስጥ ሥልጣን ከወንበሩ ጋር ኖሮ አያውቅም፣ ከሰውየው ጋር ነው የሚሄደው። ሚሎሼቪች የሰርቢያ ፕሬዚዳንት ሳሉ ሥልጣኑ እዚያ ነበር፤ በ1997 የፌዴሬሽኑ ፕሬዚዳንት ሲሆኑ አብሯቸው ሄደ። ቩቺች ከ2014 እስከ 2017 ጠቅላይ ሚኒስትር ነበሩ፣ ያኔ አገሩን የሚያዘው ጠቅላይ ሚኒስትሩ ነበር። ፕሬዚዳንት ሲሆኑ ሥልጣኑም ጓዙን ጠቅልሎ ተከተላቸው። ፕሬዚዳንትነቱን ለንጉሥ ብትሰጡት ቩቺች ተመልሰው ጠቅላይ ሚኒስትር ይሆናሉ፤ ንጉሡ ሪባን ይቆርጣሉ።

ሰናይት፦ ሪባን ብቻ ቢቆርጡ ደግ ነበር። አሌክሳንዳር ቀዳማዊ በጥር 1929 ሕገ መንግሥቱን ሰርዘው፣ ምክር ቤቱን በትነው፣ ፓርቲዎችን አግደው በራሳቸው ትእዛዝ አልገዙም? የአሁኑ አልጋ ወራሽ እኮ የእርሳቸው የልጅ ልጅ ናቸው።

ጋሽ ታደለ፦ ከእርሳቸው በፊት የነበሩትን ቀዳማዊ ፔታርንስ ለምን አታነሡም? ከ1903 እስከ 1914 ምክር ቤቱ በነፃነት የሠራው፣ ጋዜጣው ያለ ፍርሃት የጻፈው በንጉሥ ጊዜ ነው።

ሰናይት፦ አነሣለሁ። ፔታር ዙፋኑ ላይ የወጡት መኮንኖች ንጉሥ አሌክሳንዳር ኦብሬኖቪችንና ንግሥት ድራጋን በመኝታ ቤታቸው ገድለው በመስኮት ከጣሏቸው በኋላ ነው። ከዚያ በፊትም የካራጆርጄቪቾች ቤት መሥራች ካራጆርጄ በ1817 በሚሎሽ ኦብሬኖቪች ትእዛዝ አንገታቸው ተቆርጦ ለኦቶማኑ ሱልጣን ተልኳል። ሁለት ሥርወ መንግሥት እየተጋደለ የኖረበትን ዙፋን «ከሽኩቻ በላይ ነው» ማለት ይከብደኛል።

ጋሽ ታደለ፦ የአውሮፓ ዙፋን ሁሉ ሲቆፈር ደም ይወጣዋል፤ በዚህ አንለካው። ቤተሰቡም እየተለወጠ ነው። በ2022 ታላቁ ልጅ ፔታር የወራሽነት መብታቸውን ለወንድማቸው ለፊሊፕ ለቀቁ፤ ፊሊፕ ቤልግሬድ ገብተው ይኖራሉ፣ ልጃቸው ስቴፋንም በ2018 እዚያው ተወለደ። በቋንቋ የሚታማ ወራሽ ከእንግዲህ አይኖርም።

ሰናይት፦ እሺ፣ ወራሹ ተገኘ እንበል። መንገዱን ደግሞ እንየው። ሕገ መንግሥቱን ለመለወጥ ከ250 የምክር ቤት አባላት የሁለት ሦስተኛው ድምፅ ያስፈልጋል፣ ቢያንስ 167 ሰው፤ ከዚያ ሕዝበ ውሳኔ ይከተላል። ይህ ቁጥር የማይደረስበት ሕልም ይመስላል፣ አይደል? በ2014 ተደርሶበት ነበር። የቩቺች ፓርቲ የመራው ጥምረት 158 ወንበር አገኘ፣ ሶሻሊስቶቹና አጋሮቻቸው 44። ሁለቱ መንግሥት ሲመሠርቱ ከ200 በላይ ሆኑ። በቩቺች የምርጫ ዝርዝር ውስጥ ማን እንደነበረ ታውቃላችሁ? የድራሽኮቪች የሰርቢያ ተሐድሶ ንቅናቄ። በ1991 ታንክ ፊት የቆመው ዘውዳዊ ፓርቲ ከሚሎሼቪች የቀድሞ ፓርቲ ጋር በአንድ አብላጫ ውስጥ ተቀምጦ ነበር፣ የሁለት ሦስተኛው ቁጥርም በእጅ ነበር። ሕዝበ ውሳኔው የት አለ? ሰርቢያ ሕዝበ ውሳኔ አትፈራም፤ በጥር 2022 ስለ ዳኞች አሿሿም ጠርታ ከመራጩ 30 በመቶው ብቻ ወጥቶም አጽድቃዋለች።

ብሩክ፦ ይህን አላውቅም ነበር። ታዲያ ድራሽኮቪች ለወንበር ሲሉ ንጉሡን ረሱት ማለት ነው?

ጋሽ ታደለ፦ ረሱ አልልም። በ158 ውስጥ ጥቂት ወንበር የያዘ ሰው አጀንዳ አያስይዝም፤ ቢጮህ በሚቀጥለው ምርጫ ዝርዝሩ ውስጥ አይገባም። ሰናይት ያቀረበችው ቁጥር ግን ከእርሷ መደምደሚያ የባሰ ነገር ነው የሚያሳየኝ። ዘውዳውያኑ ብቻቸውን ሆነው በ2020 3 በመቶ እንኳ አልሞሉም፤ 167 ሊያመጣ የሚችለው ገዢው ፓርቲ ብቻ ነው።

ዮናስ ከቪየና፦ እንግዲያው ንጉሡን የሚያነግሡት ቩቺች ናቸው ማለት ነው፤ ከፓርቲ በላይ የሚሆን ንጉሥ ዙፋኑን ከፓርቲ ሊቀ መንበር እጅ ሊቀበል ነው።

ጋሽ ታደለ፦ እንደዚያ ሆኖ ከሚመጣ እኔም አልደግፈውም።