በጌም ፎልደር ውስጥ ስላለ የኦንላይን አገልግሎት ፋይል ማብራሪያ እጠይቃለሁ

ጤና ይስጥልኝ። የምኖረው ጎንደር፣ አዘዞ ሲሆን፣ ኮምፒውተሬን ከኢንተርኔት ጋር የማገናኘው በስልኬ ፓኬጅ አልፎ አልፎ ብቻ ነው። ጂኦጂ (GOG) ከተባለው የጌም መሸጫ ድረ ገጽ የገዛሁትን ለአንድ ተጫዋች የተሠራ ጌም ስጭን፣ ከማስነሻው ፋይል አጠገብ ጋላክሲ64.ዲኤልኤል የሚባል ፋይል አገኘሁ። ይህ ፋይል ጌሙን ጋላክሲ ከተባለው የጂኦጂ ፕሮግራም ጋር የሚያገናኝ፣ የሽልማት ምልክቶችንና የጋራ ጨዋታን የሚያስተናግድ መሆኑን፣ ፕሮግራሙን መጫንም ግዴታ እንዳልሆነ አንብቤያለሁ።

ያልገባኝ ነገር የሚከተለው ነው። ፋይሉን ለሙከራ ወደ ሌላ ፎልደር ሳዛውረው ጌሙ ገና ሳይከፈት የጎደለ ፋይል እንዳለ አሳውቆ ይቆማል፤ ወደ ቦታው ስመልሰው ግን ያለ ኢንተርኔትና ያለ ጋላክሲ ፕሮግራም በደንብ ይሠራል። ምናልባት ማስነሻው ፋይሉን አገልግሎቱ በሚፈለግበት ሰዓት ሳይሆን ገና ሲነሳ ስለሚፈልገው ይመስለኛል። አንድ ጌም ፋይሉን ገና ሲነሳ ይሁን አገልግሎቱ ሲያስፈልግ ብቻ እንደሚፈልገው ፋይል ሳልነካ አስቀድሜ የማውቅበት መንገድ ይኖራል? ፋይሉ የሚይዘው ቦታ አያሳስበኝም፤ የሚያሳስበኝ ፓኬጅ በከፈትኩ ቁጥር ፋይሉ በራሱ መረጃ ይልክ እንደሆነ ነው። ጌሙን ብቻ የኢንተርኔት ግንኙነትን በሚቆጣጠረው በዊንዶውስ ፋየርዎል ብዘጋው በቂ ይሆን? ስቲም ከተባለው ሌላ የጌም መሸጫ በሚገዙ ጌሞች ውስጥ ያለው ስቲም_ኤፒአይ64.ዲኤልኤልም በዚሁ መንገድ የሚታይ ከሆነ ብትገልጹልኝ ምስጋናዬ የላቀ ነው።