አስቸኳይ፦ ባንኩ «ዝርዝር የለውም» ብሎ ደብዳቤያችንን መለሰው፤ እስከ ዓርብ ምን እንላክ?

ትዕግስት ዘጅማ
ሰላም ለሁላችሁ። ቶሎ የሚደርስ ምክር ፈልጌ ነው። ጅማ ውስጥ ቆጪ አካባቢ ለ90 ተማሪዎች በትምህርት ቀን ምሳ እናበላለን። የውጭ ለጋሻችን ውሉን ስላቋረጠ በእጃችን ያለው ብር ሚያዝያን ብቻ ነው የሚያሻግረን። ለአንድ ትልቅ ባንክ ዋና መሥሪያ ቤት 4 ሚሊዮን ብር እንዲረዳን ደብዳቤ አስገብተን ነበር። ዛሬ የመጣው መልስ «ጥያቄያችሁ ዝርዝር የለውም፤ አጭር የፕሮጀክት ሐሳብ፣ በጀትና አስፈላጊ ሰነዶችን እስከ ዓርብ 11 ሰዓት ላኩ» ይላል። አስፈላጊ ሰነድ የትኛው ነው? ጥሩ የደብዳቤ ናሙና ያለው ሰው እባካችሁ ይላክልኝ።

የሂርማታው
እህቴ፣ መጀመሪያ ተረጋጊ፣ ይሄ እምቢታ አይደለም። እምቢ ለማለት የፈለገ ኩባንያ «የዘንድሮ በጀታችን አልቋል» ብሎ በአንድ መስመር ይሸኛል። ቀን ቆርጦ ሰነድ የጠየቀ ሰው ለኮሚቴ የሚያቀርበው ነገር እየፈለገ ነው። ናሙና ግን አይጠቅምሽም፣ ምክንያቱም ከናሙና የተቀዳ ደብዳቤ በየቀኑ ይደርሳቸዋል። ሦስት ነገር ንገሪን፦ የተመዘገባችሁት የት ነው? የመጨረሻው ኦዲታችሁ የስንት ዓመተ ምሕረት ነው? 4 ሚሊዮኑስ ምን ምን ያካትታል?

ሒሳብ ሹም
ሰነዱን እኔ ልዘርዝር። የምዝገባ ሰርተፍኬት፣ የቲን ቁጥር፣ በድርጅቱ ስም የተከፈተ የባንክ ሒሳብ ማረጋገጫ (በሥራ አስኪያጁ ስም የተከፈተ ከሆነ ነገሩ እዚያው ያበቃል)፣ የቅርብ ጊዜ የኦዲት ሪፖርት፣ ድጋፉ እንዲጠየቅ ቦርዱ የወሰነበትና ፈራሚዎቹን የሚጠቅስ ቃለ ጉባኤ፣ ከትምህርት ጽሕፈት ቤቱ ጋር የተፈረመ ስምምነት። ሁሉም ከዋናው በስካነር ይነሳ። በስልክ የተነሳ ፎቶ ላይ ማኅተሙ አይነበብም፤ የማይነበብ ማኅተም ደግሞ እንደሌለ ነው የሚቆጠረው።

አቶ ደንብ አክባሪ
ከሰነድ በፊት ሕጉን ማወቅ ይገባል። ከአንድ ክልል በላይ የሚሠሩ የሲቪል ማኅበረሰብ ድርጅቶች የሚተዳደሩት በአዋጅ ቁጥር 1113/2011 ነው። በአንድ ክልል ብቻ የሚሠሩት በየክልላቸው ሕግ ይመዘገባሉ። አዋጅ 1113 የቀድሞውን 621/2001 የተካ ሲሆን፣ የአስተዳደር ወጪ ከ20 በመቶ እንዳይበልጥ ይደነግጋል። በጀት ስታዘጋጁ የጽሕፈት ቤት ኪራይ፣ የሥራ አስኪያጅ ደመወዝ፣ ስልክና ኢንተርኔት በአስተዳደር በኩል ይግቡ። የምግብ አብሳይ ደመወዝ ግን የፕሮግራም ወጪ ነው። ብዙዎች ይህን ስለሚያምታቱ ጥሩ ሥራ እየሠሩ አባካኝ ይመስላሉ። ቀድሞ ነበር እንጂ መጥኖ መደቆስ…

የሂርማታው
ጋሼ፣ ተረቱን እንዳይጨርሱብን! ድስቱ ተጥዶ ልጆቹ እየጠበቁ ነው።

ትዕግስት ዘጅማ
የተመዘገብነው በኦሮሚያ ነው። የ2016 ኦዲት አለን፣ የ2017ቱ በኦዲተር እጅ ነው። ምሳ ለአንድ ልጅ በቀን 50 ብር ይፈጃል፣ በወር ወደ 20 የትምህርት ቀን አለ። ሁለቱ ምግብ አብሳዮች በወር 6,000 ብር፣ 6,000 ብር ይከፈላቸዋል። 4 ሚሊዮኑ በጥቅሉ ማዕከሉን ለማጠናከር ነው።

ሒሳብ ሹም
«ማጠናከር» የሚለውን ቃል ከደብዳቤው አውጪው። ገምጋሚው ከኋላው ምን እንዳለ ማየት አይችልም። ሒሳቡ ይኸውና፦ 90 ልጅ በ50 ብር በቀን 4,500፣ በ20 ቀን 90,000። አብሳዮቹ 12,000። ወሩ 102,000 ብር ነው። የ10 ወር የትምህርት ዓመት ሙሉ 1,020,000 ይሆናል። ባንክ ቤት ያለ ሰው ይህን በአንድ ደቂቃ ያሰላዋል፤ ቀሪው 3 ሚሊዮን የት እንደሚገባ ሲያጣ ፋይሉን ይዘጋል።
የ2017ቱ ኦዲት ካልደረሰ የ2016ቱን ላኪና ከኦዲተሩ «ሥራው በእጄ ነው፣ በዚህ ቀን አስረክባለሁ» የሚል ባለማኅተም ደብዳቤ አያይዢ። ኦዲቱን ዝም ብሎ መዝለል ግን ጥርጣሬ ያመጣል።

እማማ ቦሳ
ልጄ፣ አንድ ነገር ልጠይቅሽ። ትምህርት የሚዘጋው ሰኔ አጋማሽ ላይ አይደለም እንዴ? እንግዲያው አሁን የተቀደደው ቀዳዳ ትንሽ ነው። ግንቦት 20 ቀን፣ ሰኔ 10 ቀን፣ በጠቅላላው 30 የምሳ ቀን። 30 በ4,500 ሲባዛ 135,000፤ የአብሳዮቹ የወር ተኩል 18,000 ሲጨመር 153,000 ብር። አስቸኳዩ ይኸው ነው። ከመስከረም በኋላ ያለው የሌላ በጀት ዓመት ጉዳይ ነው፣ ለየብቻ ይጠየቅ። 4 ሚሊዮን ጠይቆ ግንቦት ላይ ልጆቹን ጾም ከማሳደር 153,000 ጠይቆ እስከ ሰኔ ማብላት ይሻላል።

የሂርማታው
እማማ ዋናውን ነገር ነገሩሽ። የባንኮች የሒሳብ ዓመት በሰኔ ነው የሚዘጋው። አሁን ኮሚቴው ጋ ያለው የድጋፍ በጀት ትርፍራፊ ስለሆነ ትንሽና ቀን የተቆረጠለት ጥያቄ ያልፋል። ትልቁ ጥያቄ ደግሞ የሚቀጥለው ዓመት ዕቅድ ሳይጸድቅ መድረስ አለበት፣ ጊዜውም አሁን ነው። ስለዚህ በአንድ ሰነድ ሁለት ክፍል አድርጊው። ክፍል አንድ፦ 153,000 ብር፣ ከግንቦት 1 እስከ ሰኔ አጋማሽ። ክፍል ሁለት፦ የ2019 የትምህርት ዓመት 1,020,000 ብር፣ ባንኩ ግማሹን 510,000 እንዲሸፍን፣ ቀሪው ከእነማን እንደሚጠበቅ በስም ተጽፎ። አንደኛው ብቻ ቢፈቀድም ሁለተኛው መዝገብ ውስጥ ይቀመጣል።

ኑሪ 07
ኦዲት ሪፖርት ማያያዝ እንዳትረሺ። ቲን ቁጥርም። ቃለ ጉባኤም ያስፈልጋል።

ሒሳብ ሹም
ኑሪ፣ ከላይ ተብሏል። ያልተባለውን ልጨምር፦ ፕሮፎርማ፣ ማለትም ሻጩ ዋጋውን ጽፎ የሚሰጠው ማቅረቢያ። ዘይት፣ ምስርና ዱቄት ከጅማ መርካቶ ከሦስት ሱቅ ባለማኅተምና ቀን ያለው ፕሮፎርማ ይምጣ፤ 50 ብሩ ከየት እንደመጣ የሚያሳየው እሱ ነው። ብዙ ጊዜ ችግር የሚመጣው ከእንጀራው ነው። እንጀራ የምታቀርብላችሁ እናት ደረሰኝ የላትም። የባንኩ ኦዲተር ከስድስት ወር በኋላ ሲመጣ ያለ ደረሰኝ የወጣውን ብር «መልሱ» ይላል። ስለዚህ ከመጀመሪያው ቀን የግዢ ማረጋገጫ ቅጽ አዘጋጁ፦ ስሟ፣ የመታወቂያዋ ኮፒ፣ ስንት እንጀራ፣ በስንት ብር፣ የእሷ ፊርማ፣ የተረካቢው ፊርማ። በበጀቱ ግርጌ «ደረሰኝ ከሌላቸው አቅራቢዎች በዚህ ቅጽ እንገዛለን» ብላችሁ ጻፉ። ባንኩ ይህን አይቶ ከተስማማ በኋላ ክርክር የለም።

አባ ጅሬን
እኔ ግን ከነጭራሹ ባንክ ደጅ መጥናቱን አልደግፍም። ኩባንያ አንድ ጊዜ ይሰጣል፣ ፎቶ ይነሳል፣ በዓመቱ ሌላ ጋ ይሄዳል። የሚበላ ልጅ ደግሞ በየቀኑ ይርበዋል። ጅማ ተቀምጦ ቡናን መርሳት ምንድነው? የፌርትሬድ (የፍትሐዊ ንግድ) ሰርተፍኬት ያላቸው የገበሬ ኅብረት ሥራ ማኅበራት ከዋጋው በላይ በአንድ ፓውንድ ቡና 20 የአሜሪካ ሳንቲም ፕሪሚየም ያገኛሉ። ቢያንስ 5ቱ ሳንቲም ለምርታማነትና ለጥራት ይውላል፤ ቀሪውን ለምን እንደሚያውሉት የሚወስነው የአባላቱ ጠቅላላ ጉባኤ ነው። ትምህርት ቤትም ውሃም ይሠሩበታል።

የሂርማታው
አባ ጅሬን፣ ፕሪሚየሙ የገበሬው ነው። ጉባኤው የሚያውለው ለራሱ ቀበሌ ልጆች ነው፤ የቆጪ ልጅ የእነሱ አባል ልጅ አይደለም። ጉባኤም በሳምንት አይጠራም። የከተማው ቡና ነጋዴ ይሻላል፣ እሱም ቢሆን እጁ ላይ ብር የሚኖረው ቡናው ተለቅሞ ሲሸጥ፣ ከኅዳር እስከ ጥር ባለው ጊዜ ነው። ለመስከረሙ ግማሽ በጀት ከወዲሁ ቃል አስገቧቸው፣ ለዓርብ ግን አይደርሱም። ኩባንያ በዓመቱ ሌላ ጋ ይሄዳል ባልከው ግን እስማማለሁ፤ አንድ ለጋሽ ላይ መንጠልጠል አደገኛ ነው። ትዕግስትን አሁን ያስጨነቃት እሱ ነው።

ሙሌ
ብቻ የባንኩን ካላንደርና አጀንዳ ታቅፈሽ እንዳትመለሺ 😄 ከምሬ ግን፦ ጅማ ያለውን የባንኩን ዲስትሪክት (የአካባቢውን ቅርንጫፎች የሚመራውን ጽሕፈት ቤት) አግኝተሽዋል? የዋና መሥሪያ ቤቱ ኮሚቴ ፋይሉን ሲያይ የመጀመሪያ ሥራው ጅማ ደውሎ «እነዚህን ታውቋቸዋላችሁ?» ማለት ነው። «አላውቅም» ካለ አለቀ። ቅርንጫፍ ሥራ አስኪያጁ ጋ አትቁሚ፣ የመወሰን ሥልጣን የለውም። ዲስትሪክቱ ጋ ሂጂ፣ ደብዳቤውን በግልባጭ መዝገብ ቤት አስገቢና ቁጥርና ቀን ያለበትን ማኅተም በኮፒሽ ላይ አስመቺ። ከዚያ ነገ 6 ሰዓት ላይ አንድ ሰው መጥቶ ልጆቹ ሲበሉ እንዲያይ ጋብዢ። ንግግር አያስፈልግም፣ ሰልፉንና ድስቱን ይይ።

አቶ ደንብ አክባሪ
ስለ ግብርም መታወቅ ያለበት አለ። በገቢ ግብር አዋጅ 979/2008 አንቀጽ 24 መሠረት ለኢትዮጵያ የበጎ አድራጎት ድርጅቶች የተሰጠ ስጦታ ግብር ከሚከፈልበት ገቢ እስከ 10 በመቶ በተቀናሽ ይያዛል። ቃላቱ በቀድሞው የ621 ሕግ አጠራር ስለተጻፉ የኩባንያው የታክስ ባለሙያ አገር በቀል መሆናችሁን በሰርተፍኬት ማየት ይፈልጋል። ደብዳቤያችሁ ላይ ስጦታ መሆኑን በግልጽ ጻፉ። «በምላሹ አርማችሁን እናስተዋውቃለን» ካላችሁ ስፖንሰርሺፕ ይሆናል፤ ያኔ የማስታወቂያ አገልግሎት እንደሸጣችሁ ተቆጥሮ የአገልግሎት ደረሰኝ ይጠይቋችኋል፣ ከክፍያውም ግብር ይቀነሳል።

ኑሪ 07
የውጭ አገር ትልልቅ ኩባንያዎችስ? ፋውንዴሽን አላቸው፣ ብዙ ዶላር ይሰጣሉ።

ሒሳብ ሹም
ለዓርብ የሚሆን አይደለም። የአሜሪካ ኩባንያ ፋውንዴሽን ለውጭ ድርጅት ሲሰጥ ወይ ድርጅቱ ከአሜሪካ በጎ አድራጎት ድርጅት ጋር እኩያ መሆኑን በሰነድ ያረጋግጣል፣ ወይ የእያንዳንዱን ዶላር አወጣጥ ይከታተላል። ሁለቱም ወራት ይወስዳሉ፤ መተዳደሪያ ደንብና የበርካታ ዓመታት ሒሳብ ተተርጉሞ ይጠየቃል። በክረምት ጀምሩት።

ትዕግስት ዘጅማ
እግዚአብሔር ይስጥልኝ ሁላችሁንም። የ153,000ውን ክፍል እየጻፍኩ ነው። ዲስትሪክቱ ነገ ጠዋት ቀጥሮኛል። የልጆቹን ፎቶ ላያይዝ? አንድ የቢራ ድርጅትም ሊረዳን ይችላል የሚል ሰው አለ።

እማማ ቦሳ
ልጄ፣ የልጅ ፊት የወላጅ ፈቃድ በጽሑፍ ካልተሰጠበት አይላክ። ሳህኑን፣ እጃቸውን፣ ከኋላ ሰልፉን አንሺ። ባንኩ የቼክ ርክክብ ፎቶ ይፈልጋል፤ በአዋቂዎች ይሁን። ልጅ ቼክ ይዞ ቆሞ ነገ ትምህርት ቤት «ተረጂው» ሲባል የሚያጽናናው የለም። ቢራውን ተዪው። የሕጻናት ማዕከል ግድግዳ ላይ የመጠጥ አርማ አይለጠፍም፣ ጅማ ላይ ደግሞ ወላጆቹም አይቀበሉትም። የትምባሆ ስፖንሰርነት እንደሆነ በአዋጅ 1112/2011 ጭራሽ የተከለከለ ነው።

የሂርማታው
ስትልኪ ከበጀቱ ኤክሴል ሌላ ሁለት ፋይል ብቻ ይሁን። አንደኛው ደብዳቤውና ሁለት ገጽ ሐሳቡ በፒዲኤፍ፣ ሁለተኛው ሰነዶቹ በቅደም ተከተል በአንድ ፒዲኤፍ። በጀቱን በኤክሴልም ጨምሪ፣ ቁጥሩን እየቀያየሩ እንዲያዩት። ደብዳቤው ላይ የወጪ ቁጥር፣ ቀን፣ ማኅተምና ፊርማ ይኑር፤ የመልሳቸውን ቁጥርም ጥቀሺ፣ አለበለዚያ እንደ አዲስ ጥያቄ ይመዘገባል። ሐሙስ ማታ ላኪው። ዓርብ መብራት ወይ ኔትወርክ ቢጠፋ 11 ሰዓት አይጠብቅሽም። ዓርብ ጠዋት ስልክ ደውለሽ መድረሱን አረጋግጪ፣ የተቀባዩን ስም ጻፊ።

አጋሮ ልጅ
ከርዕሱ ትንሽ ልውጣ። ለእኛ አንድ ፋብሪካ በብር ፋንታ 20 ኩንታል ዱቄት ልስጣችሁ ብሏል። እንዴት እንቀበል?

ሒሳብ ሹም
ደብዳቤ አስጽፉት፦ መጠን፣ ዓይነት፣ የገበያ ዋጋ፣ የሚያበቃበት ቀን። ሲደርስ ከመኪናው ሳይወርድ ቁጠሩ፣ የተወሰነውን ኩንታል መዝኑ፣ የረጠበ ወይም የተቀደደ ካለ በርክክቡ ላይ ጻፉ። በሞዴል 19 (የንብረት ገቢ ደረሰኝ) ገቢ አድርጉት፣ ወደ ኩሽና ሲወጣ በሞዴል 22 (የንብረት ወጪ ደረሰኝ)። የማጓጓዣና የጫኝና አውራጅ ክፍያ በማን እንደሆነ አስቀድማችሁ ተስማሙ፣ ስጦታውን የሚያስጠላው ብዙ ጊዜ ያ ነው። ማከማቻችሁ ወለሉ ሲሚንቶ ከሆነ ከሥር የእንጨት ርብራብ አንጥፉ። አጋሮ ዝናቡ ከጀመረ መሬት ላይ የተቀመጠ ዱቄት በአጭር ጊዜ ይሻግታል፣ ስለዚህ 20ውን በአንዴ ከመውሰድ በአራት ዙር አምስት አምስት ኩንታል ጠይቁ።